ለአክስታችን ለዬዎርጊያ ቫሲሊያዱ አንድ ምሽት ስጡልኝ

ግልጽ ደብዳቤ፤ በአቴንስ ለኢትዮጵያውያን ማኅበረሰብ የባህል ኮሚቴ፣ እንዲሁም በግሪክ አገር ለምንኖር ወንድሞችና እህቶች ሁሉ

የተከበራችሁ የኮሚቴው አባላት፣

ጤና ይስጥልኝ። በብርዱ ወራት አንድ የቆየ የግሪክ ፊልም በአዳራሽ ልታሳዩን እንዳሰባችሁ ከሰማሁ ወዲህ ልቤ እዚያው ነው። ፊልሙ ገና አልተመረጠም። በቫይበር ቡድናችን ላይ ሲነሱ ያየኋቸው ስሞች ግን ሁሉም የመሪ ተዋንያን ናቸው፤ ፖስተር ላይ ፊታቸው በትልቁ የሚወጣ የቆንጆዎቹ ስሞች። እነሱን አልጠላሁም፣ ጄኒ ካሬዚን ማን ይጠላል? እኔ ይህን ደብዳቤ የምጽፈው ግን ለሌላ ሴት ላማልድ ነው። ስሟ ዬዎርጊያ ቫሲሊያዱ ነው።

ፊቷን ሁላችሁም ታውቁታላችሁ። ስሟን የማታውቁት ግን ትበዛላችሁ ብዬ እሰጋለሁ። ቅጥነቷ፣ ረዘም ያለ ፊቷ፣ ትልቅ አፍንጫዋ፣ ከሩቅ የሚለይ ቀጭንና የሚወጋ ድምፅዋ። እሑድ ከቅዳሴ መልስ ቴሌቪዥኑ ሲከፈት፣ በጥቁርና ነጭ ፊልም ውስጥ በሩን በርግዳ የምትገባዋ አክስት እሷ ናት። ስኒ የምታነበዋም እሷ ናት፤ አዋላጇም እሷ ናት።

እኔ ከእሷ ጋር የተዋወቅሁት በአቴንስ ኪፕሴሊ ሰፈር ውስጥ በአንድ አፓርታማ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ነው። ገና መምጣቴ ነበር። ሥራዬ እዚህ አገር «ኢሶተሪኪ» የሚሉት፣ እዚያው እያደሩ አዛውንት መንከባከብ ነው፤ ብዙዎቻችን የጀመርንበት። አሮጊቷ በስትሮክ ምክንያት ቀኝ ጎናቸው አይንቀሳቀስም፣ አንደበታቸውም ተይዟል። እኔ ደግሞ የግሪክኛ ቃል የማውቀው ሦስት ነበር። «ኔ»፣ እሺ ማለት ነው፤ «ኦሂ»፣ እምቢ፤ «ኔሮ»፣ ውሃ። እሳቸው መናገር አይችሉም፣ እኔ መስማት አልችልም። ቀኑ ረጅም ነው። ምሳ አብልቼ፣ መድኃኒታቸውን ሰጥቼ፣ ትራስ ደግፌ አስቀምጣቸውና ቴሌቪዥኑን እንከፍታለን። ከሰዓት በኋላ የሚታየው ሁልጊዜ የድሮ ፊልም ነበር።

አንድ ቀን ያቺ ቀጭን ሴትዮ ስክሪኑ ላይ ገባች። ገና አፏን ሳትከፍት አሮጊቷን ዘወር ብዬ ሳያቸው ከንፈራቸው እየተንቀሳቀሰ ነው። ድምፅ የለም። ተዋናይቷ ከመናገሯ ግማሽ ሰከንድ ቀድመው እያንዳንዱን ቃል በከንፈራቸው ይሉታል። በልጅነታቸው ሲኒማ ቤት፣ ከዚያ በኋላ በቴሌቪዥን ስንት ጊዜ አይተውት እንደሆነ እንጃ። የማይታዘዘው ቀኝ ጉንጫቸው እንኳ ወደ ፈገግታ ተጎተተ። እዚያ ቤት ከገባሁ ሲስቁ ሳይ የመጀመሪያዬ ነበር። ከዚያ ቀን ጀምሮ የእሳቸውን ከንፈርና የእሷን ድምፅ አንድ ላይ እያየሁ ነው ግሪክኛ የተማርኩት። አስተማሪዎቼ ሁለት ናቸው፤ አንዷ ድምፅ የላቸውም፣ አንዷ ሞታለች።

ፊደሉንም ያገኘሁት ከዚያው ነው። በድሮ የግሪክ ፊልም የተዋንያኑ ስም የሚወጣው መጀመሪያ ላይ ነው፤ በትልልቅ ፊደል፣ ሙዚቃው እየተጫወተ፣ ቀስ እያለ። ደብተር ይዤ እየተሻማሁ እገለብጣለሁ። ከሁሉ ቀድሜ የለየኋት ፊደል የስሟ መነሻ ጋማ ናት። የግዕዝ ቁጥሮቻችን ከግሪክ ፊደላት መምጣታቸውን በኋላ ነው የሰማሁት፤ ጋማ በእኛ ዘንድ ፫ ሆና ትኖራለች። ያን ጊዜ ግን የማውቀው ነገር ቢኖር ይህች ፊደል ስትመጣ አሮጊቷ እንደሚነቁ ብቻ ነበር። ስሟን ወደ እኛ ብናመጣው ደግሞ የጊዮርጊስና የባስልዮስ ስም ነው። ይህን የገባኝ ቀን ቤተ ዘመድ ያገኘሁ ያህል ተሰማኝ።

ስለ እሷ የማውቀውን ልንገራችሁ። ዓመቶቹን የምጽፈው እዚህ አገር በሚቆጠረው ነው። የተወለደችው በ1897 አቴንስ ውስጥ ነው። ፊልም ሳይነካት ረጅም የመድረክ ዘመን አሳልፋለች። በሙዚቃ ቲያትር ጀመረች፤ ከዚያም የዘመኑን የግሪክ መድረክ ለሁለት ተካፍለውት በነበሩት በኪቬሊና በማሪካ ኮቶፑሊ ቡድኖች ውስጥ ሠራች። አሁን ስናያት ለማመን ይከብዳል እንጂ ያኔ የምትጫወተው ድራማ ነበር። ወደ ኮሜዲ የመጣችው በ1930ዎቹ መጨረሻ፣ ዕድሜዋ ከአርባ ካለፈ በኋላ ነው፤ ያመጣትም ጸሐፊና ዳይሬክተሩ አሌኮስ ሳኬላሪዮስ ነው። ከዚያ ጦርነት መጣ፣ ወረራ መጣ፣ ረሀብ መጣ፣ የእርስ በርስ ጦርነት መጣ። አገሩ ቀና ብሎ መሳቅ ሲጀምር እሷ ሃምሳ ዓመት አልፏታል።

ታዲያ ዛሬ የምናያቸው ፊልሞቿ የሚጀምሩት ከዚህ ነው። የኒኮስ ቺፎሮስ «የአቴንስ ቆንጆ» በ1954 ሲወጣ ዕድሜዋ 57 ነው። «ስኒ አንባቢዋ» በ1956 ነው። «አክስት ከቺካጎ» በ1957፣ 60 ዓመት ሲሞላት። «እመቤታችን አዋላጇ» በ1958። «የሟቹ ሀብት» በ1959። እንግዲህ ከቫሲሊስ አቭሎኒቲስና ከአጭሩ ኒኮስ ሪዞስ ጋር ሆነው ሦስቱ የሚታወቁበት ዘመን ይኸው ነው። እሷና አቭሎኒቲስ ሲጨቃጨቁ፣ ሪዞስ መሀላቸው ሲንቆራጠጥ። በእኔ ግምት የግሪክ ሲኒማ ካፈራቸው ነገሮች ሁሉ እንደ እነዚህ ሦስቱ ጭቅጭቅ ሕይወት ያለው የለም። ሪዞስ በእሷ ዕድሜ የተወለደ እንዳይመስላችሁ፤ በ1924 የተወለደ፣ በ27 ዓመት የሚያንሳት ነው። ስክሪኑ ላይ ግን እኩያ ናቸው፤ ቃል ስትወረውርለት ይቀልባል፣ ሲወረውርላት ትቀልባለች።

ስድሳ ዓመት። እባካችሁ ይህችን ቁጥር እለፏት ብዬ አልለምናችሁም፤ ቁሙባት። እኛ ኤንሲማችንን፣ ለጡረታ የሚታሰብልንን የሥራ ቀን፣ እየቆጠርን፣ ጡረታ እስከ ስድሳ ሰባት ስንጠብቅ፣ ጉልበታችን ደረጃ ላይ ሲያንቋቋ «እንግዲህ አበቃልን» የምንል ሴቶች ብዙ ነን። የአክስቷን ሚና የተጫወተችው ሴት ካሜራ ፊት ስትቆም ስድሳ ዓመቷ ነበር፤ ከዚያ በፊት ያለው ሁሉ ለእሷ መንገድ ነበር። ይህን የምለው ለማጽናናት አይደለም፣ በቀን የተመዘገበ ነገር ስለሆነ ነው።

አሁን ወደ ፊልሙ ልምጣ፤ እንድታሳዩልኝ የምለምነው «አክስት ከቺካጎ»ን ነው። የሠራው ሳኬላሪዮስ፣ ያወጣው ፊኖስ ፊልም የተባለው ድርጅት ነው። ታሪኩ ቀላል ነው። ጡረታ የወጣ መኮንን አለ፣ ኦሬስቲስ ማክሪስ ነው የሚጫወተው። ቤቱን እንደ ጦር ሰፈር ያስተዳድራል። አራት ሴቶች ልጆች አሉት፣ አራቱም አላገቡም። እናታቸው፣ ኤሌኒ ዛፊሪዩ፣ ዝም ብላ የምትችል ሴት ናት። የአባትየው እህት ካሊዮፒ ከአሜሪካ ትመጣለች። አሮጌውን የቤት ዕቃ አስወጥታ ቤቱን በአዲስ ትሞላዋለች፣ ልጆቹን ታለባብሳለች፣ ከዚያ ለአራቱም ባል ወደ ማፈላለግ ትገባለች። ከልጆቹ አንዷ ካሬዚ ናት። ስለዚህ ካሬዚን የምትፈልጉ ሰዎች አታጧትም።

ፊልሙን በአማርኛ ጽሑፍ ለማዘጋጀት ከሁለት ጓደኞቼ ጋር ሆነን ሁለት ዓመት ያህል፣ ሐሙስ ከሰዓት ዕረፍታችን ላይ፣ አንድ በአንድ ስንገለብጥ ቆይተናል። አልቋል ማለት እችላለሁ። ሥራው ላይ ያስቸገረንን ልንገራችሁ፤ ፊልሙ ለእኛ ምን ያህል ቅርብ፣ ምን ያህልም ሩቅ እንደሆነ ከዚህ ይታያል።

«ዬሮንዶኮሪ» የሚል ቃል አለ። ቃል በቃል «አሮጊት ልጃገረድ» ማለት ነው። እዚህ ላይ አንድ ደቂቃም አላሰብንም፤ ሦስታችንም በአንድ አፍ «ቆሞ ቀር» አልን። እንዲያውም እርስ በርሳችን ተያይተን ዝም አልን፤ ቃሉ ከሦስታችን አንዷን በልጅነቷ ያቆሰላት ነበርና።

«ፕሪካ» ስንደርስ ግን ተጣላን። አንዷ ጓደኛዬ «ጥሎሽ ነው፣ ምን ያከራክራል?» አለች። እኔ አይሆንም አልኩ። ጥሎሽ ከወንዱ ወገን ወደ ሴቷ ወገን የሚሄድ ነው። ፕሪካ ከሴቷ አባት ቤት ወጥቶ ወደ ባል የሚሄድ ነው፤ ቤት፣ ወርቅ፣ ገንዘብ፣ በሳጥን የታጠፈ አንሶላ። አማርኛችን ላይ «ጥሎሽ» ብለን ከጻፍን የእኛ ተመልካች «አራት ሴት ልጅ ያለው ሰው ሀብታም ሊሆን ነው፣ ምን ያስጨንቀዋል?» ይላል፤ ፊልሙ ከመጀመሩ ይፈርሳል። በዚያ ዘመን ግሪክ አገር አራት ሴት ልጅ ማለት አራት ቤት የማውጣት ዕዳ ማለት ነው። አባትየው የሚጮኸው ክፉ ስለሆነ ብቻ አይደለም፤ ሒሳቡ ስላልሞላለት ነው። ፕሪካ በሕግ የቀረው በ1983 ነው፣ ፊልሙ ከወጣ ከሃያ ስድስት ዓመት በኋላ። ስለዚህ በመጨረሻ «የልጅ ማውጫ» ብለን ጻፍነው። አሁንም አላረካኝም። የተሻለ ቃል ያላችሁ ላኩልኝ፤ በተለይ ገጠር ያደጋችሁ።

ሌላው «ፊሎቲሞ» ነው። ይህ ቃል በእነዚህ ፊልሞች ውስጥ እንደ ጨው አለ። እንግሊዝኛ የሚያውቁ ሰዎች አይተረጎምም ሲሉ ሰምቻለሁ። እኔ ደግሞ ለአማርኛ ተናጋሪ ግማሹ የተተረጎመ ነው እላለሁ፤ ይሉኝታ አለን። ይሉኝታ የሰውን ዓይን መፍራት ነው፣ ፊሎቲሞ ግን ማንም ባያይህም የራስህን ክብር አለማዋረድ ጭምር ነው። አንዳንድ ቦታ «ይሉኝታ»፣ አንዳንድ ቦታ «ሰውነት» ብለን አለፍነው። «እንዴት ሰውነት የለውም!» ሲባል ትርጉሙ ቁልጭ ይላል።

እንግዲህ ስለ አክስቷ የተዋናይነት ሥራ ልናገር፤ ደብዳቤውን ያስጻፈኝ እሱ ነው። ግሪኮች እንዲህ ዓይነቱን ተዋናይ «ካራተሪስታስ» ይሉታል፣ ሴት ከሆነች «ካራተሪስታ»። ፍቅረኛውን አይጫወትም። አባቱን፣ አከራዩን፣ ባለ ግሮሰሪውን፣ ጎረቤቱን፣ አክስቷን ነው የሚጫወተው። በእኛ ቋንቋ «ረዳት ተዋናይ» እንላለን። ይህ ቃል አይመቸኝም። ረዳት ሲባል ሰው ወደ አእምሮው የሚያመጣው የታክሲ ረዳትን ነው፤ መሪውን የያዘው ሌላ ነው ማለት ነው። በዚህ ፊልም ግን መሪውን የያዘችው እሷ ናት። ወጣቶቹ ተሳሳሙ፣ ተጋቡ፣ ሆነ። የምታስተያያቸው፣ የምታስታርቃቸው፣ አባትየውን በነገር እያዋከበች ከአቋሙ የምታወርደው አክስቷ ናት። እሷን አውጧትና ፊልሙን እዩት፤ ባዶ ሳሎን ነው የሚቀረው።

የግሪክ ሲኒማ ያን ጊዜ እንዴት እንደሚሠራ ማወቅ ይጠቅማል። ምርቱ በ1960ዎቹ አጋማሽ በዓመት ከመቶ ፊልም በላይ ደርሶ ነበር፤ ለእንዲህ ዓይነት ትንሽ አገር ብዙ ነው። እንዲያ ሲቸኮል አንድን ሰው ለማስተዋወቅ ጊዜ የለም። በሩ ሲከፈትና ፓንዴሊስ ዜርቮስ ሲገባ ግን ማስተዋወቅ አያስፈልግም፤ ተመልካቹ ያውቀዋል። ታሶ ካቫዲያ ከገባች ያች ቤት ሰላም እንደማታገኝ ሁሉም ያውቃል። ዛፊሪዩ ከገባች የምታለቅስ እናት አለች። እነዚህ ሰዎች ፊታቸው ራሱ ቋንቋ ነበር። ለዚህም ነው እኔ ቋንቋ ሳላውቅ ፊልሞቹን መከተል የቻልኩት። ቀን ካሜራ ፊት ይውላሉ፣ ማታ ቲያትር መድረክ ላይ ይቆማሉ፣ ነገ ደግሞ ሌላ ፊልም። የሰለጠኑትም መድረክ ላይ ነው፤ ሕዝብ ፊት ለፊት፣ ቀልዱ ከወደቀ እዚያው የሚታወቅበት ቦታ። ቫሲሊያዱ አንዲትን ቃል ከመናገሯ በፊት ትንሽ ትቆያለች። ልብ ብላችሁ እዩ። ያቺን ቆይታ ከሠላሳ ዓመት መድረክ በቀር የሚያስተምራት የለም።

ከመካከላቸው አንዱን ሳልጠቅስ ባልፍ ይቆጨኛል፤ ዲዮኒሲስ ፓፓያኖፑሎስን። ከመቶ በላይ ፊልም ውስጥ የሚጮኸው አባት፣ ነጋዴው፣ አለቃው እሱ ነው። በሕይወቱ ማብቂያ ዳይሬክተሩ ቴዎ አንጌሎፑሎስ «ጉዞ ወደ ኪቲራ» ለተባለው ፊልሙ መረጠው፤ ቀስ የሚል፣ ጭጋግ የሞላበት፣ ሳቅ የሌለበት ፊልም። ፊልሙ በወጣበት በ1984 ዓመት አረፈ። እሱ ላይ የሳቁ ሰዎች ያንን ፊልም ሲያዩ ምን እንደተሰማቸው አስባለሁ።

አንድ ወንድማችን በቫይበር ላይ «ልጆቻችን ቆንጆ ነገር ይዩ እንጂ ይህቺን አስቀያሚ አሮጊት ለምን እናሳያቸዋለን?» ብሎ ጽፏል። ስሙን አልጠራም፣ በክፋት እንዳልጻፈውም አውቃለሁ። ግን መልስ ይገባዋል። ወንድሜ፣ ያልከውን ከአንተ በፊት ፊልሞቹ ራሳቸው ብለውታል። «የአቴንስ ቆንጆ» የሚለው ርእስ የተሰጠው እሷን አይቶ ሰው እንዲስቅ ነው። ከእነዚያ ቀልዶች መካከል ዛሬ ሳያቸው የሚያመኝ አሉ፤ በመልኳ ላይ የሚወረወሩት፣ ከገጠር በመጣች የቤት ሠራተኛ አነጋገር ላይ የሚሳቅባቸው። እኔ የቤት ሠራተኛ ነኝ፤ አነጋገሬም ከሩቅ የመጣ ነው፤ ስለዚህ ይህን ሳላይ ቀርቼ አይደለም። እንዲያም ሆኖ እሷን እዩአት። ቀልዱ ሲወረወርባት አንገቷን አትደፋም። አገጯን ቀና ታደርጋለች፣ የእጅ ቦርሳዋን ወደ ደረቷ ትስባለች፣ ቀልዱን የወረወረውን ሰው ከእግር እስከ ራሱ ታየዋለች። ከዚያ ቆይታዋ ይመጣል። ከዚያ ቃሏ። አዳራሹ የሚስቀው በእሷ ላይ አይደለም፣ ከእሷ ጋር ሆኖ በሰውየው ላይ ነው። ሴት ልጄ አሥራ አራት ዓመቷ ነው፤ ትምህርት ቤት ስለ ቆዳዋና ስለ ጸጉሯ የሚባለውን ስሰማ አድሬ አልቅሻለሁ። አንድ ቀን ከትምህርት ቤት መጥታ «እማዬ፣ እንደ ቲያ አየኋቸው» አለችኝ፤ ቲያ በግሪክኛ አክስት ማለት ነው። እንዴት እንዳየቻቸው ማሳየት አላስፈለጋትም። አገጯ ቀና ብሎ ነበር።

አንቱ ልበላት ወይ አንቺ እያልኩ ብዙ ጊዜ አስቤያለሁ። የ1897 ሰው ናት፣ አንቱ ይገባታል። አሮጊቷን እመቤቴን እስከ መጨረሻው አንቱ ብያለሁ። ይህቺን ግን በየቀኑ ሳሎን ውስጥ አብራኝ ስለኖረች አክስት ሆናብኛለች፤ አክስት ደግሞ እንደ አስተዳደጋችን አንቺ ትባላለች። ይቅር ትበለኝ።

አሮጊቷ ያረፉት አንድ የመጋቢት ጠዋት ነው። ከዚያ በኋላ የሄድኩበት ቤት አልተመቸኝም። ደመወዜን ቀንሰው፣ ቴሌቪዥን ከእነሱ ጋር እንዳላይ ከልክለው፣ ሌሊት ሦስት ጊዜ የምነሳበት ቤት ነበር። እዚያ ሆኜ ያጣሁት ከገንዘቡ ይልቅ ድምፅዋን ነበር። ሐሙስ ዕረፍቴ ላይ ላይኪ፣ የሰፈሩ ሳምንታዊ ገበያ፣ እወርድ ነበር። አንድ ጊዜ ዓሣ ሻጩ ያደረ ዓሣ ሊሰጠኝ ሲል ከአፌ የወጣው የአክስቷ አነጋገር ነው፤ ቃሉ ብቻ ሳይሆን ዜማው፣ ማቆሚያው። ሰውየው ደነገጠ። ከዚያ ጎን ያሉት አሮጊቶች «ቫሲሊያዱ! ቫሲሊያዱ!» ብለው ጮኹ። አንዷ ክንዴን ይዛ የት እንደተማርኩት ጠየቀችኝ። በዚያች ገበያ ከዚያ ቀን ወዲህ «ጥቁሯ» አልተባልኩም።

የምለምናችሁን በግልጽ ላስቀምጥ። እሷ ያረፈችው በ1980 ፌብሩዋሪ 12 ቀን ነው፤ በእኛ የካቲት 4። ምሽቱን ከዚያ ቀን አጠገብ ባለው እሑድ ብታደርጉት ደስ ይለኛል፤ ጾም ከገባ ሽሮውንና ቡናውን እኛ ሴቶቹ እንችላለን። ፊልሙ ባለቤት አለው፤ ፊኖስ ፊልም ነው። በአዳራሽ ለማሳየት ፈቃድ መጠየቅ ግድ ነው። «ለትንሽ ሰው ነው፣ ማን ያውቃል» የሚል ነገር እንዳይነሳ እለምናለሁ፤ የሌላውን ሰው ድካም በስርቆት አናክብርም። ደብዳቤውን በግሪክኛ እኔና ልጄ እንጽፈዋለን፤ ማኅተም ብቻ ከእናንተ።

ልጆቻችንን ከፊት አስቀምጧቸው። እነሱ ግሪክኛውን ከእኛ በላይ ይሰማሉ፣ አማርኛው ጽሑፍ ላይ ግን ይንተባተባሉ። እኛ ደግሞ የተገላቢጦሽ ነን። አባቶችና ልጆች አንድ ቦታ ላይ፣ በአንድ ጊዜ የሚስቁበት ፊልም አግኝቼ አላውቅም፤ ሁልጊዜ አንዱ ለሌላው ሲያስረዳ ቀልዱ ያልፋል። ይህ ሊሳካ ይችላል ብዬ አምናለሁ። የትርጉም ስህተት ካገኙብን እዚያው እጅ አውጥተው ያርሙን፤ አንቀየምም።

ፊልሙ ከመጀመሩ በፊት ደግሞ አንድ ሰው ቆሞ ስሞቹን ያንብብ። የመሪዎቹን ብቻ አይደለም። ቫሲሊያዱ፣ ማክሪስ፣ ዛፊሪዩ፣ ዜርቮስ፣ ሁሉንም። እመቤቴ ማንበብ ሳያቅታቸው፣ መናገር ሲያቅታቸው፣ በከንፈራቸው የሚያነቡት እነዚህን ስሞች ነበር።

«እመቤታችን አዋላጇ»ን ደግሞ ለከርሞ አስቀምጡት። የመንደር አዋላጅና አዲስ የመጣ ሐኪም የሚጣሉበት ነው፤ ሐኪሙ እዚያም ማክሪስ ነው። እያንዳንዳችን አገር ቤት አንዲት እንዲህ ያለች አዋላጅ እናውቃለን፣ ብዙዎቻችን በእጇ ነው የተወለድነው። ስለ እሱ ሌላ ጊዜ እጽፍላችኋለሁ።

የአማርኛው ጽሑፍ ያለበት ደብተር ሦስት ነው፤ ሁለተኛው ላይ ቡና ፈሶበታል፣ ግን ይነበባል። በሚመጣው ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ዕረፍት ነኝ። በአሥር ሰዓት ቢሮ የምትከፍቱ ከሆነ ሦስቱንም ይዤ እመጣለሁ፤ «ፕሪካ» ያለበት ገጽ ላይ ምልክት አድርጌበታለሁ።

አክባሪያችሁ፣
በአቴንስ፣ ኪፕሴሊ የምትኖር እህታችሁ